ሎነርጋን ሴራ አልባ ጸሐፊ አይደለም፦ ለአንድ መጣጥፍ የተሰጠ ምላሽ

ስለ አሜሪካዊው የፊልም ጸሐፊ ኬኔት ሎነርጋን የተጻፈ አንድ የአማርኛ መጣጥፍ ስክሪፕት መጻፍ በሚፈልጉ ወጣቶች ዘንድ ሰሞኑን ከእጅ ወደ እጅ ሲዘዋወር ሰንብቷል። በፍቅር የተጻፈ ነው። ሰውየውን ለማያውቀው አንባቢ ማስተዋወቁም ያስመሰግናል። ነገር ግን ከፍቅሩ ብዛት የሙያውን ሥራ ከዐይን ሰውሮታል። የመጣጥፉ ጸሐፊ የሚሉት ባጭሩ ይህ ነው፦ ሎነርጋን ገፀ ባሕርይ እንጂ ሴራ (አንዱ ድርጊት ሌላውን የሚያስከትልበትን የታሪክ ሰንሰለት) አይጽፍም፤ ምልልሱን ከሰው አፍ እንዳለ ይቀዳል፤ እንዲህ ያለ ፊልም ሁለት ሰውና አንድ ክፍል ብቻ ስለሚፈልግ ርካሽ ነው፤ ለገበያ የጻፋቸው ፊልሞች ዕድሜውን በልተውበታል፤ ሁለተኛ ፊልሙ ለዓመታት የዘገየው ከራሱ አመል የተነሣ ነው፤ እኛ አገር ግን ለዚህ ዓይነቱ ፊልም ተመልካች የለም።

ይህን ምክር አምኖ የሚነሣ ጀማሪ 120 ገጽ ሞልቶ አንድም የሚቀረጽ ትዕይንት ሳይዝ ሊቀር ይችላል። ለዚህ ነው ነጥብ በነጥብ መመለስ ያስፈለገው። ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። የፊልሞቹን ታሪክ ሳንገልጥ ክርክሩን ማካሄድ ስለማይቻል፣ ገና ያላየ አንባቢ አስቀድሞ ይወቀው።

ከዋናው በፊት አንድ እርማት። መጣጥፉ ሎነርጋን በመጀመሪያ ፊልሙ ኦስካር እንዳሸነፈ ይናገራል። አላሸነፈም። «ዩ ካን ካውንት ኦን ሚ» («በእኔ መተማመን ትችላለህ» ማለት ነው) በ2000 በአሜሪካው የሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል ታይቶ ትልቁን የዳኞች ሽልማት ከሌላ ፊልም ጋር ተጋርቶ ወሰደ፤ የስክሪፕት ሽልማቱንም አገኘ። ኦስካር ላይ ግን በዋና ሴት ተዋናይትና በስክሪፕት ታጨ እንጂ አልተሸለመም። ሎነርጋን ኦስካሩን የወሰደው በ2017፣ በሦስተኛ ፊልሙ በ«ማንቸስተር ባይ ዘ ሲ» ነው። በመካከሉ 16 ዓመት አለ። የዚህ ሙያ ትክክለኛ ርዝመት ተደብቆ ያለው በእነዚያ 16 ዓመታት ውስጥ ስለሆነ ስሕተቱ እንዲሁ የሚታለፍ አይደለም።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር እንግባ፤ ሴራ አይጽፍም ወደሚለው። ጸሐፊው ማስረጃ ያደረጉት «ማንቸስተር ባይ ዘ ሲ»ን ነው። ያዘነ ሰው በብርድ ከተማ ውስጥ ወዲያ ወዲህ ሲል የምናይበት፣ ምንም የማይሆንበት ፊልም ነው ይሉታል። እስቲ ስሜቱን ለጊዜው ወደ ጎን አድርገን ግድግዳውንና ምሰሶውን እንቁጠር። ሊ ቻንድለር ቦስተን አጠገብ ኩዊንሲ ውስጥ የሕንፃ ጥገናና ጽዳት ሠራተኛ ነው። ወንድሙ ጆ በልብ ሕመም ይሞታል። ሊ ወደ ትውልድ ከተማው ሄዶ ጠበቃው ቢሮ ሲቀመጥ፣ ሟቹ የ16 ዓመት ልጁን የፓትሪክን አሳዳጊነት ለእሱ እንደተናዘዘለት ይሰማል። ማንም አስቀድሞ አልጠየቀውም። ይህ አንድ ምሰሶ ነው። ሁለተኛው መሬቱ ነው፦ በብርዱ ስለጠነከረ መቃብር አይቆፈርም፤ አስከሬኑ እስከ ጸደይ ድረስ ማቀዝቀዣ ውስጥ ይቆያል። ሦስተኛው የጆ ጀልባ ነው፤ ሞተሩ አርጅቷል፣ ማደሻ ገንዘብ የለም፣ ልጁ ደግሞ ጀልባው እንዲሸጥ አይፈቅድም። አራተኛው ከተማው ራሱ ነው፤ ሊን ዳግመኛ ማየት የማይፈልጉ፣ ሥራም የማይሰጡት ሰዎች አሉ።

የበረዶውን ነገር እዩት። ሎነርጋን ያስገባው የአየሩን ጠባይ ለማሳየት ብቻ ቢሆን ኖሮ አንድ የውጭ ቀረጻ ይበቃው ነበር። እሱ ግን በረዶውን ቀነ ገደብ አደረገው። ወንድሙ እስኪቀበር ድረስ ሊ ከተማውን ጨክኖ ጥሎ መሄድ አይችልም፤ ከተቀበረ በኋላ ደግሞ መወሰን አለበት። ያው በረዶ ፓትሪክን ይዞት ቆይቶ አንድ ሌሊት ይሰብረዋል፦ ከማቀዝቀዣው በረዶ የሆነ የዶሮ ሥጋ ሲወድቅበት ልጁ የአባቱ አስከሬን ትዝ ብሎት ይፈርሳል። ቀነ ገደብ፣ የጎንዮሽ ግጭት፣ የገፀ ባሕርይ መገለጥ፤ ሦስቱም ከአንድ የአየር ጠባይ ተቀዱ። ሴራ ማለት ይህ ነው። ከተለመደው ፊልም የሚለየው ባለ ሽጉጥ ባላንጣ አለመኖሩ ብቻ ነው፤ መሰናክሎቹ ኑዛዜ፣ ቀብር፣ ሞተር፣ ደመወዝ ናቸው። እያንዳንዳቸውም አንዲትን ጥያቄ ይጎትታሉ፦ ይህ ሰው እዚህ ከተማ መኖር ይችላል ወይስ አይችልም?

ምልሰቱም (ወደ ያለፈው ጊዜ የሚመልሰን ትዕይንት) ቢሆን ትዝታ በመጣ ቁጥር የተወረወረ አይደለም። ሎነርጋን መጀመሪያ የሚሰጠን ቀላል ቀላሉን ነው፦ ሊ ከትንሹ ፓትሪክ ጋር ጀልባ ላይ፣ የጆ የሕመም ዜና ሆስፒታል ውስጥ፣ ሊ ከሚስቱና ከልጆቹ ጋር ቤቱ። ተመልካቹ ማንም ሳይነግረው «እነዚያ ልጆች አሁን የት አሉ?» ብሎ ራሱ ይጠይቃል። መልሱ የሚመጣው ፊልሙ ወደ አጋማሹ ሲጠጋ ነው፤ ያውም ጠበቃው የአሳዳጊነቱን ነገር ነግሮት ሊ እምቢ በሚልበት ሰዓት። የዛሬው ጥያቄ «ለምን አትቆይም?» የሚል ነው፤ የትናንቱ እሳት፣ ልጆቹ የሞቱበት የቤት ቃጠሎ፣ መልሱ ነው። ሁለቱ ጎን ለጎን ስለተሰፉ ማብራሪያ አላስፈለገም።

በእኛ ረቂቆች ላይ ተደጋግሞ የሚታየው ጉድለት እዚህ ላይ ነው። አንዱ ጸሐፊ ትልቁን ምስጢር በመጀመሪያው አምስት ገጽ አፍስሶ ልብ ሰቀላውን ይገድላል፤ ከዚያ በኋላ 90 ገጽ ሙሉ ሐዘን ብቻ ይቀራል። ሌላው ደግሞ መጨረሻው ገጽ ላይ ያመጣዋል፤ ያን ጊዜ ተመልካቹ እንደተታለለ ይቆጥራል፣ ገፀ ባሕርዩም ከምስጢሩ ጋር ሲኖር ለማየት ጊዜ አይኖርም። ምስጢሩ መሀል ላይ ሲፈታ ግን ሁለተኛው አጋማሽ አዲስ ጥያቄ ያገኛል፦ አሁን ካወቅን በኋላ፣ ምን እንዲያደርግ እንመኝለታለን?

ስለ እሳቱ ትዕይንት አንድ ነገር ሳልጨምር ማለፍ አልችልም። ሚስቱን ወደ አምቡላንስ ሲያስገቧት የቃሬዛው እግር አልታጠፍ ይላል። ሠራተኞቹ ይገፋሉ፣ ያነሣሉ፣ ደግመው ይሞክራሉ። አንድ የብረት እግር ነው፤ ግን ማንም «እንዴት ያለ ጥፋት ነው» ብሎ ከሚናገረው በላይ ይናገራል፤ በሰው ሕይወት ከሁሉ የከፋው ቀን ላይ እንኳ ዕቃ ዕቃ ነው፣ አይታዘዝም። ከዚያ ፖሊስ ጣቢያ ነው፦ የምድጃውን መከለያ ረስቶ ቢራ ሊገዛ እንደወጣ ተናግሮ ሲጨርስ፣ ወንጀል አልሠራህም፣ መሄድ ትችላለህ ይሉታል። ሊ የሚጠብቀው ቅጣት ነበር። ማንም ስላልቀጣው የፖሊስ ሽጉጥ ነጥቆ ራሱን ለመቅጣት ይሞክራል፤ ከዚያ በኋላ ያለው ኑሮው ሁሉ፣ ኩዊንሲ ውስጥ የሚኖርባት ያቺ ምድር ቤት ክፍልም ጭምር፣ የዚያ ቅጣት ቀጣይ ነው። ገፀ ባሕርይና ሴራ ሁለት ነገር ናቸው ብሎ የሚያስብ ሰው ይህን ትዕይንት ደጋግሞ ይየው። ድርጊቱን ከሰውየው ነጥሎ ማውጣት አይቻልም።

ለልምምድ የሚሆን ዘዴ ይህ ነው። ረቂቁ ሲያልቅ ለእያንዳንዱ ትዕይንት በአንድ መስመር አራት ነገር ይጻፍ፦ ማን ምን ይፈልጋል፣ ምን ከለከለው፣ ትዕይንቱ ሲያበቃ ምን ተለወጠ፣ ይህ ለውጥ የትኛውን ቀጣይ ትዕይንት አስገደደ። አራተኛው ባዶ ከሆነ ትዕይንቱ ለብቻው ቆንጆ ቢሆንም ተንጠልጥሏል ማለት ነው። ከስድሳው ትዕይንት የሃያው አራተኛ ሳጥን ባዶ ከሆነ ችግሩ የምልልስ አይደለም፤ ምልልስ ማረም አያድነውም። ብዙ ሰው ግን የሚያርመው ምልልሱን ነው፤ ስለሚቀል።

ምልልሱን ካነሣን፦ ጸሐፊው ሎነርጋን ካፌ ተቀምጦ የሰማውን እንደሚጽፍ፣ ምክሩም ሄዳችሁ ቅዱ የሚል እንደሆነ ጽፈዋል። ጆሮ መስጠት መልካም ነው። መቅዳት ግን ሌላ ነው። የአሥር ደቂቃ እውነተኛ ወሬ ቀድቶ ወደ ወረቀት የገለበጠ ሰው ያውቀዋል፤ ሁለት ሦስት የምትጠቅም ዐረፍተ ነገር ብትወጣ ነው። ሊና የቀድሞ ሚስቱ ራንዲ መንገድ ላይ የሚገናኙበት ትዕይንት የተንተባተበ ወሬ ይመስላል፤ ዐረፍተ ነገር አይጨርሱም፣ አንዱ በሌላው ላይ ይናገራል። ነገር ግን እሷ የምትፈልገው ግልጽ ነው፦ ይቅርታ መጠየቅና አብሮ ምሳ መብላት። እሱም የሚፈልገው ግልጽ ነው፦ ሳይጎዳት መሸሽ። እያንዳንዱ መቆራረጥ የሚወድቀው ከሁለቱ ፈቃድ አንዱ ሌላውን በሚገፋበት ቦታ ነው። ይህ አይቀዳም፤ ይጻፋል።

ደግሞ አንድ የእኛ የራሳችን ጉዳይ አለ፤ መጣጥፉ ጨርሶ አላነሣውም። እንግሊዝኛ ግሡን ወደ ፊት ያመጣል፤ ዐረፍተ ነገሩ መሀል ላይ ቢቆረጥ እንኳ ማን ምን እንዳደረገ ታውቋል። አማርኛ ግሡን መጨረሻ ላይ ያስቀምጣል፤ ማን እንደሆነ፣ አዎንታና አሉታ፣ ጊዜው፣ ሁሉም እዚያች የመጨረሻ ቃል ላይ ተቋጥሯል። «ትናንት ሆስፒታል ዶክተሩን…» ብሎ የተቋረጠ ሰው አገኘው ይሁን አላገኘው፣ ሰደበው ይሁን አመሰገነው አይታወቅም። ስለዚህ የሎነርጋንን መደራረብ እንዳለ ወደ አማርኛ የገለበጠ ስክሪፕት ተመልካቹን ግራ ያጋባል፤ ተዋናዩም ግሡን ለማድረስ ሲል ይሮጣል። መፍትሔው ሁለት ነው። አንደኛው መቆረጫውን ከቦዝ አንቀጽ (ዐረፍተ ነገሩን ከማይዘጋ ግሥ) በኋላ ማድረግ ነው፦ «ሄጄ ነበር፣ ጠይቄው…»። ድርጊቱ ታውቋል፤ የጎደለው መዘዙ ብቻ ነው፣ ተመልካቹም የሚጓጓው ለዚያ ነው። ሁለተኛው ሐረጉን መገልበጥ ነው፤ በንግግር ሁላችንም እናደርገዋለን፦ «አላገኘሁትም እኮ፣ ያንን ዶክተር»። በዚህ አኳኋን ሌላው ሰው ከ«አላገኘሁትም» በኋላ በፈለገው ቦታ ቢገባ ምንም አይጠፋም።

አማርኛ በምትኩ እንግሊዝኛ የሌለውን ሀብት ሰጥቶናል። አንድ ገፀ ባሕርይ ከ«እርስዎ» ወደ «አንተ» የወረደበት ቅጽበት ብቻውን ትዕይንት ነው። ወንድምና እኅት ሲነጋገሩ በድንገት አንዱ «አንቱ» ቢል ግንኙነቱ ተበጥሷል። ይህን መሣሪያ ይዘን ሳለ በረቂቆቻችን ሁሉም ሰው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በአንድ መደብ ሲነጋገር ማየት ያሳዝናል።

ተደራራቢ ምልልስ በወረቀት ላይ ሁለት ዓምድ ሆኖ ጎን ለጎን ይጻፋል፤ ተራ በተራ ከተጻፈ ተዋንያኑ ተራ ይጠብቃሉ። ቀረጻ ላይ ደግሞ ዋጋ ያስከፍላል። የአንዱ ድምፅ በሌላው ማይክ ውስጥ ከገባ ኤዲተሩ የዚህን ቀረጻ ንግግር ከዚያኛው ቀረጻ ፊት ጋር ማጋጠም አይችልም። ስለዚህ ወይ ሁለቱን በአንድ ፍሬም መያዝ፣ ወይ በሁለት ካሜራ በአንድ ጊዜ መቅረጽ፣ ለእያንዳንዱ ተዋናይም የራሱን ማይክና የራሱን የድምፅ መስመር መስጠት፣ በመጨረሻም እያንዳንዱን ንግግር ሳይደራረብ አንድ ጊዜ ለብቻው መቅዳት ያስፈልጋል። ይህ ሳይታሰብ ከተቀረጸ በኋላ ኤዲቲንግ ላይ መድኃኒት የለውም።

ሰውና ክፍል ብቻ ስለሚበቃ ርካሽ ነው ወደሚለው እንለፍ። እዚህ ላይ ጸሐፊው በከፊል ልክ ናቸው፤ የሎነርጋን የመጀመሪያ ፊልም በአሜሪካ መለኪያ በጣም ትንሽ በሆነ በጀት የተሠራ ነው። «ማንቸስተር» ግን ወደ 9 ሚሊዮን ዶላር ፈጅቷል። ልዩነቱን ያመጣው ኮከብ ተዋናይ ብቻ አይደለም፤ ጀልባ፣ በረዶ፣ ሆስፒታል፣ የሆኪ ሜዳ፣ የሚቃጠል ቤት፣ ክረምትና ጸደይ አሉበት። ጸሐፊ ገንዘብ የሚያወጣው በፕሮዲውሰሩ ኪስ ሳይሆን በራሱ ብዕር ነው፤ «ውጭ፣ ምሽት፣ ዝናብ» ብሎ ሲጽፍ።

ሒሳቡ እንዲህ ነው። በተለመደው የስክሪፕት አጻጻፍ አንድ ገጽ በግምት አንድ ደቂቃ ነው። አነስተኛ ፊልም በቀን ከአራት እስከ ስድስት ገጽ ይቀርጻል፤ 100 ገጽ በቀን አምስት ገጽ ቢሄድ 20 የቀረጻ ቀን ነው። የገጽ ብዛት ግን ብቻውን አያሳይም። ሁለት ሰዎች ጠረጴዛ ከበው የሚያወሩበት አምስት ገጽ በአንድ ቀን ያልቃል። «ቤተሰቡ ራት ይበላል፣ ይጣላል» ተብሎ በስምንት ሰው የተጻፈ ሁለት ገጽ ቀኑን ሙሉ ሊበላ ይችላል፤ የእያንዳንዱ ሰው እይታ ወደየት እንደሆነ መያዝ አለበት፣ ከስምንት አቅጣጫ መብራት ይነሣል፣ ሰሃኑም በየቀረጻው እንደገና ይሞላል። ከሎኬሽን ወደ ሎኬሽን መዛወር አንድ ሁለት ሰዓት ይወስዳል፤ በቀን ሁለት ጊዜ ከተዛወሩ ሩብ ቀን መኪና ውስጥ ቀረ ማለት ነው። ሕፃን ተዋናይ ካለ፣ እንደ «ዩ ካን ካውንት ኦን ሚ» ስምንት ዓመት ልጅ፣ አሜሪካ ውስጥ የሥራ ሰዓቱ በሕግ የተገደበ ነው፤ ሕግ ባይኖርም ልጅ ይደክማል። ስለዚህ ልጁ ያለበትን ትዕይንት ከልጁ ጀርባ ጭምር እንዲቀረጽ አድርጎ መጻፍ ብልህነት ነው።

ርካሽ የሚያደርገው የሰው ቁጥር ማነስ ሳይሆን መተው ማወቅ ነው። «ዩ ካን ካውንት ኦን ሚ» የሚጀምረው ወላጆች በመኪና አደጋ ሲሞቱ ነው። ፖሊሱ ልጆቹን የምትጠብቀውን ልጅ በር ላይ ያገኛታል፤ አፉን ለመክፈት ይሞክራል፣ ቃል ያጣል፣ እዚያው ይቆረጣል። የልቅሶ ጩኸት የለም፣ የሆስፒታል መተላለፊያ የለም። ቀረጻው ቀነሰ፤ ሐዘኑ ግን ጨመረ፣ ምክንያቱም የማይነገረውን ተመልካቹ ራሱ ተናገረው። መጨረሻውም እንደዚያው ነው። ከሁለቱ ልጆች አንዱ፣ ያደገው ወንድም፣ አውቶቡስ መጠበቂያው ላይ እኅቱን ልጆች ሳለን ምን እንባባል እንደነበር ታስታውሻለሽ ወይ ይላታል፤ የተባባሉትን አይደግሙትም። የፊልሙ ርዕስ የሆነው ቃል በማንም አፍ አይወጣም። ከርዕሱ ላይ አንብበነው ስለገባን መናገሩ ትርፍ ነበር።

ወደ ገበያው እንምጣ። መጣጥፉ ሎነርጋን «አናላይዝ ዚስ»ን ለመሰሉ የሆሊውድ አስቂኝ ፊልሞች ባይጽፍ ኖሮ አሥር የራሱ ፊልም ይኖረው ነበር ይላል። የዓመቶቹ ቅደም ተከተል ይህን አይደግፍም። «አናላይዝ ዚስ» የወጣው በ1999 ነው፤ የራሱ የመጀመሪያ ፊልም ሰንዳንስ የደረሰው በ2000 መጀመሪያ። በገበያው ስሙን ያስመዘገበው ከራሱ ፊልም በፊት እንጂ በምትኩ አይደለም። ከዚያ ቀደም ለአሜሪካ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት ንግግር እየጻፈ፣ ለኩባንያዎች ዝግጅት አጫጭር ተውኔት እየሠራ ኖሯል፤ በ1996 «ዚስ ኢዝ አወር ዩዝ» የተሰኘው ተውኔቱ ኒው ዮርክ መድረክ ላይ ወጣ። «ዩ ካን ካውንት ኦን ሚ» ራሱ መነሻው የወንድምና እኅት አጭር የመድረክ ጽሑፍ ነበር። ቴአትሩ ላቦራቶሪው ነው፤ ሁለት ሰው ወንበር ላይ ተቀምጠው ትዕይንቱ ከሠራ ካሜራም ፊት ይሠራል። «ጋንግስ ኦቭ ኒው ዮርክ»ንም ከሌሎች ሁለት ጸሐፊዎች ጋር ጽፎ ለኦስካር ታጭቷል። ተውኔት መጻፉንም በ16ቱ ዓመት ውስጥ አላቋረጠም።

ጸሐፊው ያላነሡት ግን ለወጣት ጸሐፊ ከሁሉ የሚጠቅመው የክፍያው አሠራር ነው። በአሜሪካ ለተቀጠረ የስክሪፕት ጸሐፊ ገንዘቡ በአንድ ጊዜ አይከፈልም፤ በደረጃ ነው፦ ለመጀመሪያው ረቂቅ፣ ለማሻሻያው፣ ለመጨረሻው ማለስለሻ፤ በእያንዳንዱ ደረጃ ሲጀምር ከፊሉ፣ ሲያስረክብ ከፊሉ። ስክሪፕቱ አስቀድሞ ተጽፎ ካለ ፕሮዲውሰሩ ወዲያው ላይገዛው ይችላል፤ ለተወሰነ ጊዜ ለብቻው የመያዝ መብት በትንሽ ገንዘብ ይወስዳል፤ ጊዜው ካለፈ መብቱ ወደ ጸሐፊው ይመለሳል። ስክሪፕቱ ከተሸጠ በኋላ ሌሎች ሊያሻሽሉት ይችላሉ፤ «አናላይዝ ዚስ» ላይ የሆነው ይህ ነው፣ በስክሪፕቱ ላይ የሦስት ሰው ስም አለ። ነገር ግን የጸሐፊዎቹ ማኅበር ደንብ የመጀመሪያውን ሰው ይጠብቃል፦ ወጥ በሆነ (ከሌላ ሥራ ባልተወሰደ) ስክሪፕት ላይ በኋላ የመጣ ጸሐፊ ስሙ እንዲሰፍርለት ቢያንስ ግማሹን አስተዋጽኦ ማድረጉ መረጋገጥ አለበት። ስም የክብር ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ ፊልሙ ለቴሌቪዥንና ለሌላ መንገድ በተሸጠ ቁጥር የሚመጣው ተከታይ ክፍያ የሚሄደው ስሙ ለሰፈረው ነው። ባለስም የሆነ አንድ የገበያ ፊልም ለዓመታት የቤት ኪራይ ይከፍላል። ኪራዩ ከተከፈለ ደግሞ ማንም ያላዘዘውን ስክሪፕት መጻፍ ይቻላል።

ስለ ሁለተኛ ፊልሙ ስለ «ማርጋሬት» የተጻፈው ከሁሉ የበለጠ ፍትሕ የጎደለው ይመስለኛል። ፊልሙ በ2005 ተቀረጸ፣ በ2011 ወጣ። ጸሐፊው ይህን ስድስት ዓመት የአንድ ሰው ግትርነት አድርገውታል። የነገሩ ሥር ግን ውል ነው። ሎነርጋን የመጨረሻውን ቅንብር የመወሰን መብት ነበረው፤ መብቱ ግን ፊልሙ ከ150 ደቂቃ እንዳይበልጥ በሚል ገደብ የታሰረ ነበር። የጻፈው ታሪክ ደግሞ ሰፊ ነው፦ አንዲት ወጣት ሴት የአውቶቡስ አደጋ ላይ እጇ አለበት፤ ከዚያ ተነሥቶ ታሪኩ ወደ እናቷ፣ ወደ ትምህርት ቤቷ፣ ወደ ሕግ ቢሮ፣ ወደ ከተማው ሁሉ ይዘረጋል። ቁሳቁሱ በገደቡ ውስጥ አልገባም፤ ወገኖቹ በቅንብሩ ላይ አልተስማሙም፤ ነገሩ ፍርድ ቤት ደረሰ። ዳይሬክተሩ ማርቲን ስኮርሴዜና ኤዲተሯ ቴልማ ስኩንሜከር ሳይቀሩ በማሳጠሩ አግዘዋል። በመጨረሻ 150 ደቂቃ የማይሞላው ቅንብር በጥቂት ሲኒማ ቤቶች ታየ፤ በ2012 ደግሞ 186 ደቂቃ የሚሆነው ረጅሙ ቅንብር በዲቪዲ ወጣ። ሁለቱን የሚያወዳድር ሰው ልዩነቱ ወደ 36 ደቂቃ መሆኑን ያያል፤ ክርክሩ የኖረው በዚያች ውስጥ ነው።

ከዚህ የሚወሰደው ነገር «ግትር አትሁን» አይደለም። ውሉ ላይ ያለውን የደቂቃ ገደብ ስክሪፕቱ ላይ ካለው የገጽ ቁጥር ጋር ከቀረጻ በፊት አስተያዩ ነው። ስክሪፕቱን ጮክ ብሎ በሰዓት ማንበብ ያስፈልጋል። ምልልስ የሞላበት ገጽ ከደቂቃ በታች ሊሄድ ይችላል፤ «ሴትዮዋ ከተማውን እያየች ትሄዳለች» የሚል አንድ መስመር ደግሞ ስክሪን ላይ ሁለት ደቂቃ ሊሆን ይችላል። ስክሪፕቱ 160 ደቂቃ ከሆነና ውሉ 120 ካለ፣ የሚወጣው 40 ደቂቃ የት እንዳለ መታወቅ ያለበት ወረቀት ላይ ነው። እዚያ ላይ መቁረጥ ወጪ የለውም። ከተቀረጸ በኋላ ግን እያንዳንዱ ደቂቃ የተከፈለበት፣ የተለፋበት፣ የተዋናይ እንባ ያለበት ነው።

እኛ አገር ይህ ሁሉ በቃል ስምምነት ሲያልቅ እናያለን፤ ስክሪፕቱ ተሰጥቶ፣ ተቀርጾ፣ ዩቲዩብ ላይ ወጥቶ ጸሐፊው ስሙን እንኳ ሳያገኝ ይቀራል። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 (ይህ ዓመት ብቻ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው) ለሥራ አመንጪው የኢኮኖሚም የሞራልም መብት ያውቃል። መብት በአዋጅ ላይ መኖሩ ግን ማስረጃ ሳይያዝ አይረዳም። ጸሐፊ ከማስረከቡ በፊት በወረቀት መስፈር ያለባቸው፦ የተሰጠው መብት ለሲኒማ ብቻ ነው ወይስ ለቴሌቪዥንና ለኢንተርኔትም፤ ለስንት ዓመት፤ ፊልሙ በዚያ ጊዜ ካልተሠራ መብቱ ይመለሳል ወይ፤ ስሙ በመክፈቻው ላይ እንዴት ይሰፍራል፤ ስንት ማሻሻያ በክፍያው ውስጥ ተካቷል። የመጨረሻው ካልተጻፈ ማሻሻያው ማለቂያ የለውም።

ተመልካች የለም የሚለውን በጥቂት ቃል ልመልስ። «ማንቸስተር» ያለ ፍንዳታና ያለ ጀግና ሰንዳንስ ላይ በ10 ሚሊዮን ዶላር ተሽጦ በዓለም ሲኒማዎች ከ75 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገብቷል። ያ አሜሪካ ነው፣ እኛ ሌላ ነን ከተባለ፣ የእኛኑ ሰው እንይ። ጎንደር ተወልደው ሎስ አንጀለስ የተማሩት ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ በ1993 «ሳንኮፋ»ን የሚያከፋፍል ሲያጡ፣ ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ለጥቁር አሜሪካውያን ተመልካቾች ራሳቸው ከከተማ ከተማ አሳዩት፤ ተመልካቹ ተሰልፎ ገባ። በ2008 ደግሞ «ጤዛ» ቬኒስ ላይ የዳኞችን ልዩ ሽልማት ወሰደ። ያ ፊልም ከጀርመን ተምሮ የተመለሰ አንድ ሰው ውስጥ ገብቶ የሚኖር ነው፤ በአብዛኛውም የሚናገረው በአማርኛ ነው። በዚያው ፌስቲቫል ፕሮፌሰር ኃይሌ ሁለተኛ ሽልማት ተሰጥቷቸዋል፦ የምርጥ ስክሪፕት ሽልማት።